ያገባች ሴት ፀጉር

«እንኳን ለዚህ አበቃሽ ልጄ» አለች እማማ ኦቶሜ፣ በሁለት እጇ የያዘችውን የእንጨት ሣጥን ወደፊት እየገፋች።

እትዬ ሺዙኖ በሯን ገርበብ አድርጋ፣ የጥርስ ብሩሿን እንደያዘች ቆማለች። ፀጉሯ በፎጣ ተጠቅልሏል። «ለየቱ?» አለች።

«ደሞ ለየቱ ትላለች። ለጋብቻሽ ነዋ።»

ሣጥኑ ውስጥ ያለው በቀይ አደንጓሬ የቀላ ሩዝ ነው፤ ከላዩ ሰሊጥ ተነስንሶበታል። እኛ ሰፈር ደስታ የሌለበት ቤት ያን ሩዝ አይቀቅልም። እማማ ኦቶሜ ቶፉ፣ የአኩሪ አተር አይብ፣ ሻጭ ናት፤ ከንጋት ጀምሮ ውሃ ውስጥ የሚውሉት እጆቿ ሁልጊዜ ነጭና እብጥ ያሉ ነበሩ። እኔ ከኋላዋ ሽርጧን ይዤ ቆሜአለሁ። ዘጠኝ ዓመቴ ነው፤ ወሬውን ያመጣሁትም እኔ ስለሆንኩ አንገቴ ረዝሟል።

እትዬ ሺዙኖ ሣጥኑን አየች። እማማ ኦቶሜን አየች። ከዚያ ዓይኗን ዝቅ አድርጋ እኔን አገኘችኝና ትንሽ ቆየችብኝ። ፈገግ አልኩላት።

«ሙሽራው ማነው ተባለ?» አለች።

«እሱን እኮ ነው የደበቅሽን።»

«እኔም ገና አልነገሩኝም» ብላ ሣጥኑን ተቀበለች።

እማማ ኦቶሜ የበሩን መቃን ይዛ ሳቀች። እኔም ሳቅኩ። እንዲህ ቀልድ የምታውቅ ተዋናይት ጎረቤት ስላለችኝ ኮራሁ። ዛሬ ሃምሳ ሦስት ዓመቴ ነው፤ እውነቱን እንዲያ በቀጥታ ተናግሮ እንዲያ የተሳቀበት ሌላ ሰው አላጋጠመኝም።

ወሬው ከየት መጣ? ከአባቴ እጅ ነው የመጣው።

አባቴ ገንኪቺ፣ ኡዙማሳ በሚባለው ሰፈር ለነበረው የፊልም ስቱዲዮ ዊግ ይሠራል። አገር ምድሩ በጎራዴ ፊልም ያበደበት ዘመን ነበር፤ ስቱዲዮው በየሳምንቱ ሁለት ፊልም ይጨርሳል። ሳሙራይ ቁንጮውን እንደሠራ በከተማው ባቡር ላይ አፉን ከፍቶ ሲተኛ፣ ጠዋት አንገቱ የተቀላ ሽፍታ ምሳ ሰዓት ላይ የፓስታ ሾርባውን እፍ ሲል ማየት ለእኛ ለኪዮቶ ልጆች ብርቅ አልነበረም። የስቱዲዮ ሰዎች በቀኑ ውስጥ መጀመሪያ ሲገናኙ፣ ፀሐይ ልትጠልቅ ቢሆንም እንኳ፣ «እንደምን አደራችሁ» ነው የሚባባሉት። እኔም ትምህርት ቤት እስክገባ ድረስ ጠዋት የሚሆነው የፊልም ሰዎች ሲሉ ይመስለኝ ነበር።

እናቴ በልጅነቴ ስለሞተች ያደግሁት የፊት ክፍላችን ውስጥ፣ በዊጎቹ መካከል ነው። እያንዳንዱ ተዋናይ በጭንቅላቱ ልክ የተቀጠቀጠ የመዳብ ቆብ አለው፤ ፀጉሩ የሚሰፋው በዚያ ላይ ነው። አባቴ የሰው ፊት ይረሳል፣ ጭንቅላት ግን አይረሳም። አገሩን ሁሉ የሚያስጮኸውን ዋናውን ተዋናይ ካሚዙሚን እንኳ «ከኋላ ዝርግ ነው፤ በሕፃንነቱ ሲያስተኙት ማንም አላገላበጠውም» ከማለት በቀር ሌላ ነገር ሲልለት ሰምቼ አላውቅም።

ከፊደል በፊት ፀጉር ማንበብ ተማርኩ። የብር አበቦች የተሰኩበት ከሆነ ልዕልት ናት። አናቷ ላይ ለሁለት የተከፈለ ጉንጉን ያላት ልጃገረድ ናት። አጠር ተደርጎ የተቆረጠ ከሆነ ባሏ ሞቶባታል። ከኋላ ክብ ሆኖ እንደ ትንሽ ዳቦ የተቀመጠ ጉንጉን ካላት ደግሞ አግብታለች። ሲኒማ ቤት ሌሎቹ ልጆች «ይቺ ደሞ ማናት?» ሲባባሉ እኔ ሴትየዋ አፏን ሳትከፍት እነግራቸው ነበር። በዚህ የተነሳ ትንሽ የማልወደድ ልጅ ነበርኩ መሰለኝ።

እትዬ ሺዙኖ ልዕልት ነበረች። አምስት ዓመት ሙሉ፣ በአሥራ አራት ፊልም፣ ካሚዙሚ ከሽፍቶች እጅ አስጥሏታል። ፎቷቸው በባቡር ጣቢያው ግድግዳ ላይ አብሮ ተለጥፎ ነበር፤ እሱ ጎራዴውን መዝዞ፣ እሷ ከኋላው እጅጌዋን አፏ ላይ አድርጋ።

አንድ የበልግ ቀን ከትምህርት ቤት ስመለስ፣ ውስጡ ላይ የእሷ ስም በቀለም በተጻፈበት ቆብ ላይ የነበሩት የብር አበቦች የሉም። አባቴ ፀጉሩን ወደ ኋላ አምጥቶ ክብ ጉንጉን እየሠራ ነው።

«የማነው አባዬ?»

«የሺዙኖ።»

«አገባች እንዴ?»

ማበጠሪያውን በጥርሱ ነክሶት ስለነበር ቶሎ አልመለሰልኝም። «እንደዚያ በይው» አለ በመጨረሻ።

አልኩት። መጀመሪያ ያልኩት ቶፉ ቤት ነው፤ ቅርብ እሱ ነበር።

በሦስት ቀን ውስጥ ከሰባት ቤት ቀይ ሩዝ መጣላት። በእኛ አገር የመጣን ሣጥን ባዶውን መመለስ ነውር ነው፤ ትንሽ ነገር ይጨመርበታል። እሷም በየሣጥኑ አንዳንድ ክብሪት እያደረገች በእኔ ላከችው። በየደጃፉ ይይዙኛል።

«ምን አለች?»

«አመሰግናለሁ አለች።»

«ስለ ሰውዬው ምንም አላለች?»

«ሩዙ ጣፍጧት ነበር።»

«ውይ፣ ይቺ ልጅ ወሬ አትችልም» ይሉ ነበር። ምነው ባልቻልኩ።

አለማስተባበሏ ለብዙ ዓመት ገርሞኝ ኖሯል። አሁን ሳስበው፣ አላገባም ካለች ፀጉሩ ለምን እንደተሠራ መናገር ሊኖርባት ነው። ለጥቂት ሳምንት ሙሽራ መሆን ሳይቀላት አልቀረም። ስታልፍ ሰው ከደጁ ብድግ ይላል፤ የሚያፈሰውን አሸንዳዋን ያልጠየቀችው ሰው መጥቶ ጠገነላት፤ በሰፈሩ መታጠቢያ ቤት ሴቶቹ ከሙቁ ውሃ አጠገብ ቦታ ይለቁላት ጀመር። ልዕልት ሳለች ይህን ሁሉ ያደረገላት አልነበረም።

አንድ ዝናባማ እሑድ ዊጉን ልትለካ መጣች። የፀጉር ሹካ የማቀበል ሥራ ተሰጠኝ። አባቴ ቆቡን በቀስታ ጭኖላት ከመስታወቱ ዞር አለ። እሷ ራሷን ወደ ግራ አዘነበለች፣ ወደ ቀኝ አዘነበለች። ሙሽራ እንደዚያ ታደርጋለች ብዬ አየኋት።

«እውነተኛ ዕድሜው ስንት ነው?» አለች።

«የካሚዙሚ? አርባ ሦስት።»

«አሥራ አንድ ዓመት ይበልጠኛል።»

«ይበልጥዎታል» አለ አባቴ።

«እና እግሬ ሥር ተንበርክኮ ያለቅሳል።»

«በመጨረሻው ቀን ነው አሉ የሚቀርጹት።»

ሹካው ከእጄ ወደቀ። ሙሽራው ካሚዙሚ ነው ማለት ነው። ሊለምናት ይንበረከካል፣ ያውም እየተቀረጸ። ወድቆ የተንከባለለውን ስፈልግ ከጠረጴዛው ሥር ሆኜ የቀረውን ሰማሁ።

«እሺ ብለዋቸዋል?» አለ አባቴ።

«እስከ ወሩ መጨረሻ አስቢበት ብለውኛል። ትናንት ካሚዙሚ ቤት ሄጄ ለመንኩት፣ አቶ ገንኪቺ። በሕይወቴ ሰው ደጅ ሄጄ እንዲህ ለምኜ አላውቅም።»

«ምን አለ?»

«‹ላንቺ ስል እናገራለሁ› አለኝ።»

አባቴ ረጅም ትንፋሽ ወጣው። «እንግዲያው ይህን ጉንጉን አላጠብቀውም» አለ።

ነገሩ እንዲህ ነበር፤ አባቴ የነገረኝ እኔ ሠላሳ አራት ዓመት ከሞላኝ በኋላ፣ ሆስፒታል ተኝቶ፣ በመጨረሻው ክረምቱ ነው። ስቱዲዮው ለልዕልትነት የአሥራ ዘጠኝ ዓመት ልጅ አግኝቷል። ለእትዬ ሺዙኖ የተሰጣት የካሚዙሚ እናት መሆን ነው። ወንድ የሚንበረከክላት ልጃገረድ ሳትሆን፣ ስትሞት ልጇ እግሯ ሥር ተንበርክኮ የሚያለቅስላት አሮጊት። የዚያኑ ሰሞን ግን አንድ ወጣት ዳይሬክተር የጎራዴ አስተማሪ ሴት ታሪክ ሊሠራ አስቦ፣ ያቺን ሴት ሺዙኖ ካልሆነች ብሏል። ሴት ራሷ ጎራዴ የምትመዝበት፣ ማንም የማያስጥላት። ኃላፊዎቹ ያመነታሉ፤ የካሚዙሚ አንድ ቃል ይበቃቸዋል። ወደ ሌላ ስቱዲዮ እንዳትሄድ ኩባንያዎቹ አንዱ የሌላውን ተዋናይ ላይነኩ ተስማምተዋል። ያ አንድ ቃል ብቻ ነበር በእጇ ያለው።

እኔ ግን ያን እሑድ ከጠረጴዛው ሥር ወጥቼ ቶፉ ቤት ሮጥኩ።

«ካሚዙሚ ነው» አልኩ። «ራሷ ቤቱ ሄዳ ጠየቀችው። እሺ አላት።»

እማማ ኦቶሜ የያዘችው ቶፉ ተመልሶ ውሃው ውስጥ ገባ። «ራሷ?»

«ለመንኩት አለች።»

«አይ የዛሬ ሴት» አለች፤ ግን ደስ ብሏታል፣ ወንበርም ሰጠችኝ።

ካሚዙሚ ሚስትና ሁለት ልጆች ነበሩት። እኛ አናውቅም፤ ፎቶውን ትራሳቸው ሥር የሚያኖሩ ልጃገረዶች እንዳይከፉ ስቱዲዮው ደብቋቸው ነበር። በሳምንቱ አንድ የማታ ጋዜጣ አራት መስመር ጻፈ። ልዕልቲቱ ጎራዴኛውን ማረከችው፤ ጎረቤቶች ቀይ ሩዝ በልተዋል የሚል ነው። አባቴ ጋዜጣ አያነብም። ሰፈሩ ሁሉ ያወቀውን መጨረሻ የሚሰማ ሰው ነበር።

በማግስቱ ከትምህርት ቤት ስመለስ የመጨረሻውን ክብሪት ልወስድ እትዬ ሺዙኖ ቤት ገባሁ። መግቢያው ደረጃ ላይ አስቀምጣ የሩዝ ብስኩት ሰጠችኝ። እሱን እየቆረጠምኩ ሳለ አንድ ቡናማ ባርኔጣ ያደረገ የስቱዲዮ ሰው መጣ። ጫማውን አላወለቀም፤ እዚያው እኔ አጠገብ ቆሞ ተናገረ።

«እንደምን አደርሽ፣ ሺዙኖ።»

«እንደምን አደሩ።»

«ካሚዙሚ አንድም ቃል አልናገርላትም ብሏል። ሚስቱ ወላጆቿ ቤት ሄዳለች። እጄን ለመጠምዘዝ ያስወራችው እሷ ናት ይላል። ይህን ወሬ ማነው ያወጣው?»

እትዬ ሺዙኖ አየችኝ። የብስኩቱ ድምፅ ጆሮዬ ውስጥ ሲጮህ ተሰማኝና ማላመጤን አቆምኩ።

«እኔ ነኝ» አለች።

«አንቺ ነሽ?»

«እኔ ነኝ አልኩዎት። ሌላ ሰው አይፈልጉ።»

ሰውዬው ባርኔጣውን አውልቆ መልሶ አደረገው። «እንግዲያው የቀረበልሽን ትቀበያለሽ።»

«እቀበላለሁ።»

ሰው ፊት እንዲያ በግልጽ እኔ ነኝ፣ እቀበላለሁ ስትል በጣም ደስ አለኝ። ሠርግ ላይ የሚባለው እንደዚያ ነው ብዬ ለእማማ ኦቶሜም እንደዚያው አድርጌ ነገርኩ። የዊግ ሠሪው ልጅ ናት ብትል ኖሮ የአባቴ የመዳብ ቆቦች ያን ቀን ማታ ከስቱዲዮው ደጅ ይጣሉ ነበር። ይህን የተረዳሁት በሃያ አምስት ዓመት ዘግይቼ ነው። አመሰግናለሁ ለማለት ረጅም ጊዜ ነው፤ ያኔ ደግሞ የሚመሰገን ሰው አልነበረም።

በማግስቱ አባቴ ክቡን ጉንጉን ፈታው። መርፌ ይዞ በጥቁሩ መሐል ሽበት አንድ በአንድ ይሰፋ ጀመር። አጠገቡ ተቀምጬ ብዙ አየሁት።

«ሙሽራ ይሸብታል እንዴ?» አልኩ።

መርፌው ቆመ። «የምን ሙሽራ?»

ነገርኩት። ከቶፉ ቤት ጀምሬ፣ ሩዙን፣ ክብሪቱን፣ ካሚዙሚን፣ ባለባርኔጣውን። ስነግረው ይስቃል ብዬ ነበር። አባቴ ሽርጡን ፈታ፣ እጁን ታጠበ፣ በዝናቡ ያለ ዣንጥላ ወጣ። ተከትዬው አጥሩ ጋ ቆምኩ። በእትዬ ሺዙኖ መግቢያ ላይ ተንበርክኮ ግንባሩን ከወለሉ አገናኝቷል። ለጋብቻ ስጦታ ሳንወስድላት ቀርተን ይቅርታ የሚጠይቅ መሰለኝ።

«ይነሡ፣ አቶ ገንኪቺ፣ ወለሉ ይቀዘቅዛል» አለች።

አልተነሣም።

«እርስዎ እዚህ ሲደፉ ሽበቱን ማን ይሰፋልኛል? ሐሙስ ሥራ ልጀምር ነው።»

አባቴ አልመታኝም፣ አልተቆጣኝም። ከዚያ በኋላ ለአንድ ወር ያህል ምን እንደምሠራ ስጠይቀው ብቻ ይመልስልኝ ነበር። ሆስፒታል ተኝቶ ያን ሁሉ ሲነግረኝ፣ እኔ ባላወራስ ኖሮ ካሚዙሚ ይናገርላት ነበር ወይ ብዬ ጠየቅኩት። «አይናገርም ነበር» አለኝ። አባቴ ደግ ሰው ነው፤ ለደግነት ሲል የሚዋሸውን ስለማውቅ አላረፍኩበትም።

ሰፈሩ ሠርጉ ፈረሰ አለ። እማማ ኦቶሜ ቶፉ በነፃ እየወሰደችላት «ጎራዴ የያዘ ወንድ ሁሉ አንድ ነው፣ እርሺው» ትላታለች። እትዬ ሺዙኖ ጎንበስ ብላ ታመሰግናለች። ያልነበረ እጮኛ ተለቀሰላት፤ ለነበረው ሙያዋ ያለቀሰ የለም። ያ ወጣት ዳይሬክተር ፊልሙን ከሌላ ተዋናይት ጋር ሠራው። እሷ በዘጠኝ ዓመት ውስጥ የካሚዙሚ እናት ስድስት ጊዜ ሆነች፤ ስድስቴም ቀበራት። ቴሌቪዥን በየቤቱ ሲገባ ስቱዲዮው ግማሹን ሰው አሰናበተ፤ እሷም ባሕር ዳርቻ ላይ ወደምትኖር እህቷ ሄደች። በየአዲስ ዓመቱ ፖስትካርድ ትልክልን ነበር። አንድ ዓመት ቀረ፤ በቀጣዩ እህቷ ላከች፤ መሞቷን በዚያ አወቅን።

የመጀመሪያውን የእናትነት ፊልሟን ያየነው እኔና እሷ አብረን ነው። አዲስ ዓመት አልፎ፣ ፊልሙ ከትልልቆቹ ሲኒማ ቤቶች ወርዶ፣ እኛን የሚያውቅ ሰው በማይኖርበት ሰፈር ወዳለች ትንሽ ሲኒማ ቤት ሲደርስ ወሰደችኝ። ከሰዓት በኋላ ነው፣ በሥራ ቀን። ሻሽ አስራ፣ መነጽር አድርጋለች። ካራሜላ ገዛችልኝ፤ መሐል ወንበር ይዘን ተቀመጥን።

እኔ የብር አበቦቹን እጠብቃለሁ። ብቅ ያለችው ልዕልት የማላውቃት ልጅ ናት፤ ቆንጆ ናት፣ ግን ዓይኗን ስትሰብር ቸኩላለች። ከዚያ የገበሬ ጎጆ መጣ፤ አንዲት የተጨማደደች አሮጊት እሳት አጠገብ ተቀምጣ ልብስ ትጥፋለች። ፀጉሯን አላነበብኩትም፣ በፎጣ ጠቅልላዋለች። አባቴ አንድ በአንድ የሰፋው ሽበት በሙሉ ያቺ ፎጣ ሥር ነበር። አሮጊቷ ታስላለች፣ በሩን ታያለች፣ ደግሞ ታስላለች።

«ይቺ አሮጊት አትሞትም እንዴ?» አልኩ።

«ትንሽ ታገሺ» አለች እትዬ ሺዙኖ።

ካሚዙሚ በበረዶው ውስጥ እየሮጠ መጣ። አሮጊቷ እጇን አነሣች፤ ፊቱን ልትነካ ፈልጋ አልደረሰችበትም፣ እጇ አየር ላይ ትንሽ ቆየ። እሱ እግሯ ሥር ተንበርክኮ አለቀሰ። ከፊታችን ያሉት ሴቶች ሁሉ መሐረብ አወጡ። አንድ ሽማግሌ ጮክ ብሎ አፍንጫውን ተናፈጠ። እኔ ካራሜላው ጥርሴ ላይ ተጣብቆብኝ ከሱ ጋር እታገላለሁ። ዘወር ስል እትዬ ሺዙኖ መነጽሯን አውልቃለች፤ የምታየው ግን ፊልሙን አይደለም። የሚያለቅሱትን ሴቶች ጀርባ አንድ በአንድ ትቆጥር ይመስላል።

ከዚያ ጎራዴው ተመዘዘ፣ ሽፍቶቹ አለቁ፣ ያቺ ልጅ ዳነች። ፊልሙ ወደ መጨረሻው ሲደርስ ተጨነቅሁ። እጅጌዋን ጎተትኩ።

«እትዬ፣ እርስዎ መቼ ነው የሚወጡት?»

«እኔማ ሞቻለሁ» አለች፤ «አንቺ ከካራሜላው ጋር ስትታገዪ።»